በሕግ አምላክ፦ የዳኛ ቃልና የሚፈጽመው ሰው

በአያቶቻችን ዘመን መንገድ ላይ የተጣሉ ሁለት ሰዎች የሚጠሩት ፖሊስ፣ የሚሮጡበት የፍርድ ቤት ሕንፃ አልነበራቸውም። ተበዳዩ የበዳዩን የኩታ ጫፍ ጨብጦ «በንጉሥ አምላክ!» ይላል። በአፄ ምኒልክ ጊዜ «በምኒልክ አምላክ»፣ በኋላም «በኃይለ ሥላሴ አምላክ»፣ በሁሉም ዘመን ደግሞ «በሕግ አምላክ» ይባል ነበር። ቃሉ ከተሰማ በኋላ የተያዘው ሰው አንዲት እርምጃ መራመድ የለበትም። ረግጦ ከሄደ በደሉ ከባላጋራው አልፎ በንጉሡ ላይ የተሠራ ድፍረት ይሆናል፤ የተጣሉበት ነገር አንዲት ፍየል ብትሆን እንኳ ቅጣቱ በፍየሏ ልክ አይቀርም። «በሕግ አምላክ ሲባል እንኳን ሰው ወራጅ ውኃ ይቆማል» መባሉም ስለዚህ ነው።

ከዚያ ሁለቱ ቆመው አላፊ አግዳሚውን ይጠብቃሉ። ነጋዴ ይሁን ወታደር፣ ካህን ይሁን ገበሬ፣ «ዳኘን» ካሉት ሸክሙን አውርዶ ወይም ከበቅሎው ወርዶ ዛፍ ጥላ ሥር ይቀመጥና ነገራቸውን ይሰማል። ማስታረቅ ከቻለ ያስታርቃል፤ ካልቻለ ዋስ አስጠርቶ ወይም አቆራኝቶ ወደ በላዩ ዳኛ ይልካቸዋል። ያ መንገደኛ ሹመት የለውም፣ ማኅተም የለውም፣ ከኋላው የቆመ ጠመንጃ ያዥ የለውም። ቃሉ ግን ይፈጸም ነበር።

ይህን ታሪክ ለመጻፍ ያነሣሣኝ ሥራዬ ነው። በአፄ ኃይለ ሥላሴ ዘመን መጨረሻ በጎጃም ምድር በፍርድ ቤት ጸሐፊነት ተቀጥሬ በሬጅስትራርነት ጡረታ ወጥቻለሁ። ዕድሜዬን ያሳለፍኩት መዝገብ ሳወጣና ስመልስ፣ መጥሪያ ስጽፍ፣ የዳኞችን ትእዛዝ በሽኝት ደብዳቤ ለየመሥሪያ ቤቱ ስልክ ነው። ሰዎች ችሎት መድፈር ሲባል የሚታያቸው ዳኛ ፊት የጮኸ፣ የተሳደበ፣ በሩን ወርውሮ የወጣ ሰው ነው። እኔ ከመዝገብ ቤቱ መስኮት ሆኜ ያየሁት ትልቁ ድፍረት ግን ድምፅ የለውም። የታዘዘው ሰው ትእዛዙ ይደርሰዋል፣ ፈርሞ ይቀበላል፣ መሳቢያው ውስጥ ይከተዋል፣ ከዚያም ምንም አያደርግም። የአገራችንን የፍርድ ታሪክ ወደ ኋላ ሄጄ ሳገላብጥ የፈለግሁት የዚህን ዝምታ መድኃኒት ነው፤ የዳኛ ቃል ከችሎቱ ከወጣ በኋላ ማን ተሸክሞ ከፍጻሜ ያደርሰው ነበር?

የንጉሥ ቃልና የሰሚው ግዴታ

ከ1520 እስከ 1526 እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በአፄ ልብነ ድንግል ከተማ የተቀመጠው ፖርቱጋላዊው ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ ብዙ ነገር ታዝቦ ጽፏል። ከጻፈው ውስጥ ሁልጊዜ የሚገርመኝ አንድ ሥርዓት አለ። የንጉሡ ቃል ሲነገር ሰሚው ተቀምጦ አይሰማም። ይነሣል፣ ልብሱን ከወገቡ በላይ ያወልቃል፣ እንዲያ ቆሞ መልእክቱን ይቀበላል። መልእክተኛው ተራ ሰው ሊሆን ይችላል፤ የሚቆሙት ግን ለመልእክተኛው አይደለም። ትእዛዙን ያመጣው ማንም ይሁን ማን፣ ትእዛዙ የማን እንደሆነ ሁሉም ያውቃል።

በእኛም ዘመን በችሎት ፊት ነጠላን አደግድጎ መቅረብ፣ ራስን ገልጦ መቆም፣ ዳኛ ሳይፈቅድ አለመቀመጥ የቀረው ከዚያ ሥርዓት ነው። ዛሬ ወጣቱ እነዚህን የአክብሮት ምልክቶች እንደ ጎታች ልማድ ሲያያቸው ይሰማኛል። ምልክቶቹ ግን ሥራ ነበራቸው። ለዳኛው ቃል ሰውነቱን ያስገዛ ሰው ወጥቶ ቃሉን ለመካድ ይከብደዋል፤ መንደሩ ሁሉ ሲያደገድግ አይቶታልና።

ንጉሡም ቢሆን ብቻውን አይፈርድም ነበር። በችሎቱ ዙሪያ የሚቆሙት ወንበሮች የሚባሉት ዳኞችና መኳንንት በነገሩ ላይ አስተያየት ሲሰጡ ከታናሹ ተጀምሮ ወደ ታላቁ ይወጣል። ታላቁ ቀድሞ ከተናገረ ታናሹ ፈርቶ ያንኑ ይደግማልና ነው። የመጨረሻው ቃል የንጉሡ ነው። ይህ ሥርዓት ለትእዛዝ መከበር ትልቅ ድርሻ ነበረው፤ የተፈረደበት ሰው «አንድ ሰው ጠልቶኝ ነው» ማለት አይችልም። ብዙ አንደበት በፊቱ ተናግሯል፣ እሱም ሰምቷል።

አቤቱታም እንዲሁ በአደባባይ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1770 ጎንደር የገባው ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ በቤተ መንግሥቱ መስኮትና ደጃፍ ሥር ከየአውራጃው የመጡ ሰዎች በየቋንቋቸው ፍትሕ ሲጮኹ ይውሉ እንደነበር ጽፏል። ጩኸቱ ሥርዓት እንደ ማፍረስ አይቆጠርም ነበር። ጃንሆይን ከደጁ ሆኖ መጣራት የተበዳይ መብት ነው፤ ያልተፈጸመ ፍርድ ያለው ሰውም መድረሻው እዚያው ነበር።

ቁራኛ፣ ዋስና አውጫጭኝ

ከሁሉ የሚደንቀኝ ቁራኛ ነው። ከሳሽና ተከሳሽ፣ ወይም ባለገንዘብና ባለዕዳ፣ የኩታቸው ጫፍ ለጫፍ ተቋጥሮ፣ ነገሩ ከበድ ሲል ደግሞ በሰንሰለት ተጣምረው ዳኛ ፊት እስኪቀርቡ አብረው ይኖራሉ። አብረው ይሄዳሉ፣ አብረው ይበላሉ፣ አብረው ይተኛሉ። ወደ አዲስ አበባ የመጡ አውሮፓውያን ባለዕዳና ባለገንዘብ በሰንሰለት ተቆራኝተው በገበያ ሲያልፉ አይተው ተገርመዋል፤ ፎቶግራፋቸውንም አንሥተው በፖስታ ካርድ አትመውታል።

የእናቴ አባት የብቸና ሰው ነበሩ። በርስት ወሰን ከጎረቤታቸው ጋር ተካሰው፣ ያገሩ ሽማግሌ ማስታረቅ ሲያቅተው ሁለቱን በኩታቸው አቆራኝቶ ወደ ደብረ ማርቆስ ሰደዳቸው። ዘበኛ አብሯቸው አልሄደም። እናቴ ደጋግማ የምትነግረን ሌሊቱን ነው። በሰው ቤት የእግዜር እንግዳ ሆነው አድረው፣ በእንቅልፍ ሲገላበጡ ቋጠሮው ተፈታ። ቀድሞ የነቃው ጎረቤትየው፣ ተከሳሹ ነው። ወጥቶ መሄድ ይችላል፤ ጨለማ ነው፣ በሩ ከውስጥ ነው የሚከፈተው። እሱ ግን አያቴን ነቀነቃቸውና «አያ፣ ተነሥ፤ ቋጠሮው ተፈቷል፤ ሳይነጋ እንሰረው» አላቸው። ተነሥተው በጨለማ ዳብሰው መልሰው ቋጠሩት። ደብረ ማርቆስ ደርሰው ጎረቤትየው ተፈረደበት፤ የወሰን ድንጋዩንም በገዛ እጁ አንሥቶ ወደ ቦታው መለሰው። እናቴ ስትነግረን አያቴ ስለመርታታቸው ብዙ አትልም ነበር፤ የምታደንቀው ያንን የተረታውን ሰው ነው።

ያ ሰው ያልሸሸው ፍጹም ስለነበረ አይመስለኝም። ቁራኛውን በጥሶ የጠፋ ሰው ነገሩን እንዳመነ ይቆጠራል፤ ከዚያ በኋላ በአገሩ ዋስ የሚሆነው፣ እማኝ የሚሆንለት፣ ልጁን የሚድርለት ሰው አያገኝም። ቋጠሮውን የሚጠብቀው ይህ ሁሉ ነበር።

ሁለተኛው ማሰሪያ ዋስ ነው። ዳኛው «ዋስ ጥራ!» ሲል ተከሳሹ ከተሰበሰበው ሕዝብ መካከል በስም ይጠራል፤ የተጠራውም ቆሞ «እኔ ዋሱ ነኝ» ይላል። ተከሳሹ በቀጠሮው ቀን ካልቀረበ ወይም የተፈረደበትን ካልከፈለ ዕዳው በዋሱ ከብትና እህል ላይ ይወርዳል። ስለዚህ ትእዛዙን የሚያስፈጽመው ዳኛው ሳይሆን የተከሳሹ ዘመድና ወዳጅ ነው። ዋሱ ማለዳ በሩን ያንኳኳል፣ ስንቁን ያሰናዳል፣ እየገፋ ችሎት ድረስ ይወስደዋል። ዋስ ያዋረደ ሰው በቀብርም በሠርግም ቦታ አያገኝም።

ሦስተኛው አውጫጭኝ ነው፤ አፈርሳታም ይሉታል። ቤት ተቃጥሎ ወይም ከብት ተሰርቆ ወንጀለኛው ሳይታወቅ ሲቀር ያገሩ ሰው በሙሉ አንድ ሜዳ ላይ ይጠራል። መቅረት የለም፤ የቀረ ይቀጣል። የተሰበሰበው ሕዝብ ወንጀለኛውን እስኪያወጣ ድረስ አይበተንም። እርሻው ይቆማል፣ ከብቱ ያለ እረኛ ይውላል፣ ዝናብ ቢመጣ ዝናቡ ይወርድባቸዋል። ጥሪን ማክበር የአንድ ሰው ጉዳይ አልነበረም፤ አንድ ሰው ቢቀር የሁሉም ሥራ ይታሰራል።

ሙግቱም ራሱ ሥርዓት ነበረው። በበላ ልበልሃ ሙግት ተሟጋቹ በትሩን ይዞ ይወነጨፋል፣ መሬት ይመታል፣ በግጥም ይናገራል፣ በማር ወይም በበቅሎ ይወራረዳል። ባላጋራው ሲናገር ግን አፉን ይይዛል። የሌላውን ቃል ማቋረጥ ነውር ከመሆኑም በላይ ያስቀጣ ነበር። እንዲህ ያለ ሞቅ ያለ ሙግት ያለ ደም መፍሰስ የሚያልቀው ተራ በመከበሩ ነው።

ይህን ስጽፍ ያለፈውን ዘመን ሁሉ ጻድቅ ለማድረግ አይደለም። ቁራኛ ድሀውን ባለዕዳ ከባለጸጋው ጋር በሰንሰለት አስሮ ከእርሻው የሚነቅል ጭካኔ ነበረው። ውርርዱ ወደ ዳኛው ኪስ ስለሚገባ ዳኛው ነገር እንዲበዛ ይወድ ነበር፤ ምንም የሌለው ሰው ለመሟገት እንኳ አቅም ያጣል። ሴት ያለ አባቷ ወይም ያለ ባሏ ችሎት ፊት ስትቆም ቃሏ ይቀልል ነበር። እነዚህ መቅረታቸው መልካም ነው። ቁም ነገሩ ግን ሲቀሩ በቦታቸው ምን ተተካ የሚለው ነው።

ሕጉ ወደ መጽሐፍ ሲገባ

አፄ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ሚኒስትሮችን ሲሾሙ ፍርድ የራሱ ሚኒስቴር አገኘ፤ የመጀመሪያው የፍርድ ሚኒስትርም አፈ ንጉሥ ነሲቡ ሆኑ። ከዚያ በኋላ ፍርድ ከዛፍ ጥላ ወደ ቤት፣ ከቃል ወደ ወረቀት እየገባ ሄደ። በ1923 የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ ታተመ። ጣሊያን ከወጣ በኋላ በ1934 የወጣው የፍርድ አስተዳደር አዋጅ ፍርድ ቤቶችን ከጠቅላይ ንጉሠ ነገሥት ፍርድ ቤት ጀምሮ ወደ ታች በደረጃ ሠራቸው። እ.ኤ.አ. በ1947 በወጣ አዋጅ ደግሞ የአጥቢያ ዳኛ ተቋቋመ፤ ከ25 ብር የማይበልጥ ክርክር የሚያይ፣ ከሁሉ በፊት ግን የሚያስታርቅ ያገር ሰው ነበር። የድሮውን የመንገድ ዳኛ በአዲሱ ሥርዓት ውስጥ ለማስቀመጥ የተደረገ ሙከራ ይመስለኛል።

ችሎት መድፈር በዛሬው መልኩ የገባው በ1949ኙ የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ ነው፤ ስዊሳዊው የሕግ ሊቅ ዣን ግራቨን ያረቀቁት። የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግም በቁጥር 480 ለሰብሳቢው ዳኛ በችሎቱ ውስጥ ሥርዓት የማስከበርና አጥፊውን እዚያው የመቅጣት ሥልጣን ሰጠው። በ1997 የጸናው የወንጀል ሕግ ቁጥር 449 ደግሞ በችሎት ሥራ ላይ ያለን ዳኛ የሰደበ፣ ያፌዘበት፣ ያስፈራራ ወይም ሥራውን ያወከ ሰው እስከ አንድ ዓመት በሚደርስ ቀላል እሥራት ወይም ከ3,000 ብር በማይበልጥ መቀጮ እንደሚቀጣ ይደነግጋል። ዳኛው ወዲያውኑ መቅጣት ይችላል።

ስለ ፍርዱ አፈጻጸም ያለው ክፍል ሌላ ነው። የተፈረደለት ሰው ፍርዱ በራሱ እግር አይሄድለትም። የአፈጻጸም መዝገብ መክፈት፣ ባለዕዳውን ማስጠራት፣ ንብረቱን ፈልጎ ማስያዝ፣ በሐራጅ ማሸጥ አለበት፤ ይህን ሁሉ የሚጠይቅበት ጊዜ ደግሞ 10 ዓመት ነው። ሕጉ ለባለዕዳውም ያስባል፣ የሚተዳደርበትን መሣሪያና የሚያርስበትን ከብት ይተውለታል። ይህ ትክክል ነው። ነገር ግን ልዩነቱን ተመልከቱ። ዳኛን በቃል የነካ ሰው እዚያው ቆሞ ይቀጣል፤ የዳኛን ትእዛዝ የናቀ ሰው ግን በመዝገብ፣ በቀጠሮና በመጥሪያ መካከል ዓመታት ይሸሸጋል።

በንጉሡ ዘመን ሌላም ችግር ነበር። የ1948ቱ ሕገ መንግሥት ዳኞች ከሕግ በቀር ለማንም እንደማይገዙ ጽፏል። በላያቸው ግን ንጉሡ ራሱ የሚፈርድበት ዙፋን ችሎት ነበረ፤ የ1958ቱ ሥነ ሥርዓት ሕግ ራሱ ስለ ዙፋን ችሎት ይደነግጋል። ብዙ ድሀ በዙፋን ችሎት እንባው ታብሷል። በዚያው ልክ ግን ሰው ሁሉ የመጨረሻ ፍርድ የሚባል ነገር እንደሌለ ተማረ። ተረትቶም አዲስ አበባ ሄዶ ደጅ መጥናት ይችላል፤ እስከዚያው ትእዛዙን አለመፈጸም ብልኃት ተደርጎ ይቆጠር ጀመር። እኔ ሥራ ስጀምር ይህ አመል በመዝገብ ቤታችን ሥር ሰዶ ነበር።

ያለ ፍርድ የሄደች ጭብጦ

አብዮቱ ሲመጣ ነገሩ ሌላ ሆነ። ኅዳር 14 ቀን 1967 ዓ.ም. ወደ ስልሳ የሚጠጉ የቀድሞው መንግሥት ባለሥልጣናትና መኮንኖች ያለ ምንም ፍርድ ተረሸኑ። ወሬው በሬዲዮ ሲነገር ከባልደረቦቼ ጋር ነበርን። ከመካከላችን አንድም ሰው ስለ ሟቾቹ በጎነት ወይም ክፋት አልተከራከረም። አንድ አዛውንት ጸሐፊ ብቻ «እንግዲህ ይህ መዝገብ ለማን ነው?» ብለው ብዕራቸውን አስቀመጡ።

አባቶች «በፍርድ ከሄደች በቅሎዬ ያለ ፍርድ የሄደች ጭብጦዬ» ይላሉ። ያን ቀን የሄደው ጭብጦ አልነበረም። ከዚያ በኋላ በየቀበሌውና በየገበሬ ማኅበሩ የፍርድ ሸንጎ ቆመ። ሸንጎው ቅርብ ነበር፣ ወጪ አልነበረውም፣ አንዳንዱም በእውነት ጎረቤትን ያስታርቅ ነበር። ትእዛዙ የሚፈጸመው ግን የአብዮት ጥበቃ ጠመንጃ ስላለ ነው። ሰው እየፈራ ታዘዘ። ፍርሃት ሲለቅ ደግሞ መታዘዙም አብሮ ለቀቀ፤ ያ መንግሥት በ1983 ሲወድቅ ያየነው ይህንን ነው።

የ1987ቱ ሕገ መንግሥት ፍርድ ቤቶች ከማንም ጣልቃ ገብነት ነጻ እንደሆኑ፣ ዳኞች በሕግ ብቻ እንደሚመሩ በአንቀጽ 79 አስቀመጠ። በአንቀጽ 19 የተያዘ ሰው በዋስ የመለቀቅ መብቱን ጻፈ። ፈተናው ብዙም አልዘገየም። በ1993 ዓ.ም. የፌዴራል የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት ዳኛ ብርቱካን ሚደቅሳ የቀድሞውን የመከላከያ ሚኒስትር ስየ አብርሃን በዋስ ፈቱ። ስየ ከፍርድ ቤቱ እንደወጡ እዚያው እንደገና ተያዙ። ብዙም ሳይቆይ በሙስና የተጠረጠረ ሰው ዋስትና የሚከለክል ሕግ ወጣ። የስየ ጥፋተኛነት ወይም ንጽሕና ሌላ ጉዳይ ነው። የአገሩ ሰው በዚያ ቀን የተማረው ግን የዳኛ ቃል ኃይሉ ከፍርድ ቤቱ በር እንደማያልፍ ነው።

ከዚያ ወዲህ ይህ ልማድ ሆነ። የኢትዮጵያ ሰብዓዊ መብቶች ኮሚሽን ፍርድ ቤት በዋስ እንዲለቀቁ ያዘዘላቸው ሰዎች በፖሊስ እጅ መቆየታቸውን በተለያዩ ጊዜያት ባወጣቸው መግለጫዎች ነቅፏል። የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጋችን በቁጥር 177 ከሕግ ውጭ የተያዘ ሰው አካሉን ነጻ ለማውጣት አቤት የሚልበትን መንገድ ይሰጣል። መንገዱ ግን የሚያደርሰው ያው ወደ ሌላ ትእዛዝ ነው።

በአንጻሩ በ2000 ዓ.ም. መጨረሻ አንድ የጋዜጣ አዘጋጅ ከአንድ ተከሳሽ ጠበቃ ጋር የተደረገ ቃለ ምልልስ በማተሙ ችሎት በመድፈር ጥፋተኛ ተብሎ በገደብ እሥራት ተፈርዶበታል፤ ጠበቃውም ታስሯል። ሁለቱን ነገሮች ጎን ለጎን ሳስቀምጣቸው ልቤ ያዝናል። ብዕር የያዘውን ለመቅጣት የፈጠነ እጅ፣ ቁልፍ የያዘውን ለመቅጣት ዘገየ።

ችሎት መድፈር በተፈጥሮው አደገኛ ሥልጣን መሆኑንም መናገር አለብኝ። ተሰዳቢው፣ ምስክሩ፣ ከሳሹና ፈራጁ አንድ ሰው ነው፤ ራሱ ዳኛው። በዚያ የድሮ ችሎት ታናሹ ቀድሞ ይናገር የነበረው እንዲህ ያለው ፍርድ በአንድ ሰው ቁጣ እንዳይሰጥ ነው። የማከብራቸው ዳኞች ሁሉ ለራሳቸው ክብር ይህን ሥልጣን የሚያወጡት በጭንቅ ነበር። አንዲት እናት ልጇ ተፈርዶበት ዳኛውን በችሎት መካከል ረገመችው፤ ዳኛው መዝገቡን ዘግቶ «እናቴ፣ ውጪ አየር ውሰጂ» ብሎ ሰው አስደግፎ አስወጣት። ማንም ሰው ያ ችሎት ተዋረደ አላለም።

ያው ዳኛ በሌላ ቀን ያደረገውን ደግሞ ልንገራችሁ። አንድ የጥበቃ ሠራተኛ ያለ አግባብ ከሥራ ተሰናብቶ ተከራክሮ አሸነፈ። ወደ ሥራው እንዲመለስ፣ ውዝፍ ደመወዙም እንዲከፈለው ታዘዘ። መሥሪያ ቤቱ ትእዛዙን ተቀብሎ ፈርሟል፤ ቅጂው በእኔ መዝገብ ውስጥ አለ። ሠራተኛው ግን በየሳምንቱ መስኮቴ ላይ ይመጣል። «እትዬ፣ ዛሬስ?» ይለኛል። እኔም «ወንድሜ፣ ደግመን ጽፈናል» እለዋለሁ። ልጆቹ ከትምህርት ቤት ቀርተው ነበር። በመጨረሻ ዳኛው ኃላፊውን ራሱን፣ ነገረ ፈጁን ሳይሆን ራሱን፣ ተገድዶ እንዲቀርብ አዘዘ። ኃላፊው ቀርቦ ስለ በጀትና ስለ መዋቅር ማስረዳት ሲጀምር ዳኛው አስቆመው። «ፍርዱ ትክክል ነው ወይስ ስሕተት ነው ብዬ አልጠየቅሁዎትም። ይግባኝ ብለዋል? አላሉም። እንግዲያው ደብዳቤው ተጽፎ እዚህ ጠረጴዛ ላይ እስኪመጣ ድረስ በፖሊስ ጣቢያ ይቆያሉ» አለው። ድምፁን ከፍ አላደረገም። ደብዳቤው ቀኑ ሳይመሽ መጣ፤ ማኅተሙ ገና አልደረቀም ነበር። ኃላፊው በዚያው ተለቀቀ፣ መቀጮም አልተጣለበትም።

የችሎት ሥልጣን ለምን እንደተሰጠ የገባኝ ያን ቀን ነው። ያ እሥራት በቀል አልነበረውም፤ የእሥር ቤቱ ቁልፍ በታሳሪው በራሱ እጅ ነበር፣ በፈጸመ ሰዓት ይወጣል። በቁራኛ ቋጠሮና በዋስ ይሠራ የነበረው ሥራ ዛሬ የቀረለት መሣሪያ ይህ ብቻ ነው።

መስኮቴ ላይ ከሚቆሙት ብዙዎቹ ግን እንዲህ ያለ ቀን አላዩም። በተለይ የልጅ ቀለብ የተወሰነላቸው እናቶች። አባትየው ሥራ ይለውጣል፣ አድራሻ ይለውጣል፣ ደመወዙን ይሸሽጋል። የተፈረደው ገንዘብ ለዱቄትና ለደብተር የታሰበ ነው፤ ልጁ ደግሞ የአፈጻጸም መዝገብ እስኪዘጋ አድጎ ያልቃል። በድሮው ዘመን ቢሆን እንዲህ ያለውን አባት ዋሱ ከቤቱ ጎትቶ ያመጣው ነበር። ዛሬ ጎረቤቱ ያውቃል፣ ወንድሙ ያውቃል፣ አለቃው ያውቃል፤ ሁሉም «የፍርድ ቤት ጉዳይ ነው» ብሎ ይቀመጣል። ሕጉን ወደ መጽሐፍ ስናስገባ ከእጃችን የወደቀው ይህ ነው፤ ፍርድን መፈጸም የሁላችን ግዴታ መሆኑ።

ስለዚህ ለዳኞች እንዲህ እላለሁ፦ ለራሳችሁ ክብር ታገሡ፣ ለትእዛዛችሁ ግን አትታገሡ። ለተናደደችው እናት ይቅርታ አድርጉ፤ ፈርሞ መሳቢያ ውስጥ ለሚከተው ባለሥልጣን ግን ቀጠሮ አታብዙ። ሥልጣን ለያዛችሁ ደግሞ፦ ፍርድ ካልጣማችሁ ይግባኝ አለላችሁ፤ ትእዛዝ ረግጣችሁ የምታልፉበት መንገድ ነገ እናንተም ከሥልጣን ወርዳችሁ የምትሄዱበት ነው። ይህን የምታነቡም ሁሉ፣ ወንድማችሁ ወይም አለቃችሁ ወይም ልጃችሁ የተፈረደበትን ሳይፈጽም ሲቀር «አያገባኝም» አትበሉ። «በሕግ አምላክ» በሉት። ያንን ቃል ጎረቤት፣ ዘመድና ዋስ ጠብቀው ባያቆዩት ኖሮ በንጉሥ ስም መጠራቱ ብቻ ወራጅ ውኃ ቀርቶ ሰውም አያስቆምም ነበር።